የማዶ ዘመን አቆጣጠር

ጂንካ ውስጥ ሸዋንግዛውን የማያውቅ የለም፤ በሙሉ ስሙ የምትጠራው ግን እህቱ ብቻ ናት፣ እሷም ስትቆጣ ነው። ለሌላው ሰው "ሸዌ ሰዓሊው" ነው። በአሮጌው የአውሮፕላን ሜዳ ዙሪያ፣ ወደ ገበያው በሚወስደው መንገድ፣ ወደ ነሪ ወንዝ በሚያወርደውም ሰፈር የተሰቀሉትን ታፔላዎች ለብዙ ዓመት በብሩሽ የጻፈው እሱ ነው። ባነር ማተሚያ ከመጣ ወዲህ ሥራው ቀዝቅዟል። ያም ሆኖ ደህና ፊደል የሚወዱ ጥቂት ፀጉር አስተካካዮችና ሥጋ ቤቶች አሁንም ይጠሩታል።

ይህ ሰው የዕድሜውን እኩሌታ የፈጀው ግን በታፔላ አይደለም። የሌለ አገር ቀን መቁጠሪያ ሲሠራ ነው። ሠርቶ ከጨረሰ በኋላ ደግሞ "እኔ ነኝ የፈጠርኩት" ብሎ ሰው ለማሳመን ሲደክም ነው። ከሁለቱ የትኛው የበለጠ እንዳደከመው ብትጠይቁት ብሩሹን አስቀምጦ ይቆጣችኋል።

ነገሩ የጀመረው በ1983 ዓ.ም. ግንቦት ላይ ነው። አባቱ ከሸዋ መጥተው ጂንካ የከተሙ፣ ፖሊስ ጽሕፈት ቤት ውስጥ ጸሐፊ የነበሩ ሰው ናቸው። መንግሥት ሲወድቅ "ቤትህ ተቀመጥ፤ ስትፈለግ ትጠራለህ" ተባሉ። ትምህርት ቤት ተዘጋ። እናትየው የግቢውን በር በግንድ ደግፋ ልጆቿን "ድምፅ እንዳታሰሙ" አለቻቸው። አባትየው ጠዋት ጠዋት ተላጭተው፣ ኮታቸውን ለብሰው በረንዳው ላይ ይቀመጣሉ። ማንም አይመጣም። ሲመሽ ኮታቸውን አውልቀው ይተኛሉ። የግድግዳውን ቀን መቁጠሪያ መገንጠልም ተዉ። ዛሬ ስንት ቀን ነው ብሎ የሚጠይቅ ሰው ከቤቱ ጠፋ።

ሸዋንግዛው ያኔ ገና ልጅ ነው፤ እህቱ ተዋበች ትንሽ ትበልጠዋለች። ሁለቱ ጓሮ ካለው እንሰት ሥር ተቀምጠው በሹክሹክታ አገር ፈጠሩ። ከወንዙ ወዲያ ያለውን ጫካ እያዩ ስለነበር ስሙን "ማዶ" አሉት። ማዶ እንደ እነሱ እህትና ወንድም የሆኑ ሁለት ጨረቃዎች አሉት። እህትየዋ ፈጣን ናት፤ ወንድምየው ሰነፍ ነው፣ በየመንገዱ ይቆማል። ወሮቹን የሚሰይመው ወንዙ ነው። ወንዙ ሲያጉረመርም "ውኃ ጠሪ" ነው፤ ሜዳው ሲጨቀይ "እግር አሳሪ"፤ ወንዙ ሲሳሳና ነፋስ ሲነሳ "የአቧራ ልጅ"። እህት ጨረቃ ወንድሟን ደርሳበት ስትሸፍነው ዓመቱ ያልቃል፤ ሁለቱም ከሰማይ ይጠፋሉ። ያን የጨለማ ወር ምን እንበለው ሲባባሉ ተዋበች አሰበችና፣

"ስም አይኑረው" አለች።

"ለምን?"

"ስም ከሌለው ማንም ወረቀት ላይ ሊጽፈው አይችልም። ካልተጻፈ ደግሞ በዚያ ወር ሰው አይጠራም።"

"ስም የለሽ" ተባለ። በማዶ ሕግ በስም የለሽ ወር ማንም ከቤቱ አይወሰድም፤ አይከሰስም፤ አይፈረድበትም።

አባትየው ግን ተጠሩ። ክረምቱን ሙሉ ታስረው ከርመው ተፈቱ። እዚያ ስላሳለፉት ነገር አንድም ቀን ሳይናገሩ፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ታመው ሞቱ።

ተዋበች አደገችና ልብስ ስፌት ገባች፤ ማዶንም ረሳችው። ሸዋንግዛው አልረሳም። ታፔላ መጻፍ ተምሮ ራሱን ከቻለ በኋላ፣ በማዶ የምትኖር ሶምሪ የምትባል ልጅን ታሪክ ልብ ወለድ አድርጎ መጻፍ ጀመረ። ታሪኩ እንደ ውኃ ወረደለት። ያስቸገረው ቀን መቁጠሪያው ነው። ወንድም ጨረቃ እንዳሻው የሚቆም ከሆነ አንዱ ዓመት ረዥም፣ አንዱ አጭር ይሆናል። ታዲያ የሰው ዕድሜ እንዴት ይቆጠራል? አንድ እሁድ የጻፈውን ለተዋበች አነበበላት። ከስፌት መኪናዋ ቀና ሳትል ሰማችውና ጠየቀችው።

"ሶምሪ ስትዳር ዕድሜዋ ስንት ነው?"

"በነሱ አቆጣጠር አሥራ ዘጠኝ።"

"እናቷስ ያኔ ስንት ናት?"

ሸዋንግዛው በጣቱ ቆጠረ፤ ደግሞ ቆጠረ። ፊቱ ጠቆረ። "አሥራ... ሰባት።"

"እናቷን ቀድማ ተወለደቻ!" ብላ ሳቀች። "ባይሆን የኛን መስከረምና ጥቅምት አትጠቀምም? ምን ያደክምሃል?"

"ማዶ ውስጥ መስከረም የሚባል የለም!" ብሎ ወረቀቱን ጨምድዶ ወጣ።

እንዲህ እየጨመደደ ስንት ክረምት አለፈ። አንዱን ሲያስተካክል ሌላው ይበላሽበታል፤ የማዶ ጦርነት ከመጀመሩ በፊት ያልቃል፣ እርጉዝ ሴት ሁለት ዓመት ሙሉ ሳትወልድ ትቆያለች። ደንበኛ ታፔላ አዝዞ ሲመጣ እሱ ግድግዳው ላይ በከሰል ክብ ስሎ ሲያጠፋ ይገኛል። በመጨረሻ መፍትሔው የመጣለት ነሪ ሞልቶ ድልድዩ ጋ ቆሞ ውኃው እስኪጎድል ሲጠብቅ ነው። ወንድም ጨረቃ በዘፈቀደ የሚቆም አይደለም፤ የሚቆመው ወንዙ ሲሞላ ነው፤ ውኃው ላይ ራሱን ሲያይ ይዘገያል። ስለዚህ ሙላቱ በበረታ ቁጥር ዓመቱ ይረዝማል፤ የሰው ዕድሜም በዓመት ሳይሆን ባያቸው ሙላቶች ይቆጠራል። ከዚህ በኋላ ሁሉም ገጠመለት፤ ሶምሪም እናቷ ከተወለደች በኋላ ተወለደች። ወረቀት ስለሰለቸው ቀን መቁጠሪያውን በሙሉ በለፋ የበሬ ቆዳ ላይ በዘይት ቀለም ሳለው። ሁለቱን ጨረቃዎች፣ ወንዙን፣ ወሮቹን በየመልካቸው፣ ከታች ደግሞ ስም የለሽን በባዶ ጥቁር ክብ። በሕይወቱ የሠራው ደህና ነገር ይህ ነበር።

ያን ጊዜ ነው ደምሰው የመጣው።

ደምሰው የአሪ ብሔረሰብ ልጅ ነው፤ ከሸዋንግዛው ጋር አብሮ ተምሯል። እሁድ ቤተ ክርስቲያን መዘምራን ውስጥ ይዘምራል፤ በሌላው ቀን ቱሪስት ይዞ ታች ቆላ ይወርዳል። አፉ የሚጣፍጥ፣ ሰው የሚወደው አስጎብኚ ነው። ቆዳውን አይቶ ፈዘዘ።

"ሸዌ፣ ይህን አውሰኝ። አዲስ ሎጅ ሊከፈት ነው፤ ለምረቃው እንግዳ መቀበያው ላይ ልስቀለው። እመልስልሃለሁ።"

ሸዋንግዛው ሥራው በሰው መታየቱ አላስጠላውም፤ ሰጠው። ምረቃው አለፈ፤ ቆዳው አልተመለሰም። ሲጠይቅ "ነገ" ይባላል። አንድ ቅዳሜ ገበያ ውስጥ ሲያልፍ የእጅ ሥራ የሚሸጥ ሰው ምንጣፉ ላይ ትንንሽ የፍየል ቆዳዎች ደርድሮ አየ። በእያንዳንዱ ላይ ሁለት ጨረቃና ጥቁር ክብ ተስሏል። ሥዕሉ የተንጋደደ ነው፤ እህት ጨረቃ ከወንድሟ ኋላ ቀርታለች።

"ይሄ ምንድን ነው?" አለ ሸዋንግዛው።

"የጥንት የኦሞ ሸለቆ ቀን መቁጠሪያ ነው፣ ጌታዬ።"

ደምሰውን ሻይ ቤት አገኘው። ሰላም እንኳ ሳይለው ጀመረ።

"ምን ብለህ ነው የምትነግራቸው?"

ደምሰው ብርጭቆውን አስቀመጠ። "ሸዌ፣ በእውነት ልንገርህ። መጀመሪያ አንዱ እንግዳ 'ምንድን ነው?' አለኝ። 'ጓደኛዬ የሳለው ነው' ስለው ፊቱን አዙሮ ሄደ። ለሚቀጥለው 'የጥንት ነው' ስለው ቁጭ ብሎ ሰማኝ። ሌሎቹ አስጎብኚዎችም ከኔ ሰምተው ያዙት። ምን ላድርግ?"

"ውሸት ነው እኮ!"

"ያንተስ? ማዶ የሚባል አገር የት አለ?"

"የኔ ልብ ወለድ ነው!"

"እንግዲያው የኔም አፍ ወለድ ነው" ብሎ ሳቀ። ሸዋንግዛው አልሳቀም። "ስም የለሽንስ ምን ብለህ ነው የምትተረጉመው?" ሲለው ደምሰው አቀረቀረ። "ጥንት ሰዎች ለመናፍስት የሚጾሙበት ወር ነው እላለሁ።" ሸዋንግዛው ተነሥቶ ወጣ። ቤት ገብቶ ለተዋበች ሲነግራት መቀሷን ጨርቁ ላይ አስቀመጠች። "ተወው ሸዌ፤ አትድከም" አለችው። እሱ ደግሞ ከሁሉም በላይ ያናደደው ይህ "ተወው" ነው።

ወሬው እየሰፋ ሄዶ ሰምሃል የምትባል ወጣት ተመራማሪ ከአዲስ አበባ መጣች። መቅረጫዋን ይዛ፣ ጨዋ ሆና፣ የጂንካን ፀሐይ ችላ እስከ ቤቱ ደረሰች። ሸዋንግዛው ደስ አለው፤ በመጨረሻ የተማረ ሰው መጣ፣ እውነቱ ይጻፍልኛል ብሎ። ከእንሰቱ ሥር አንስቶ እስከ ድልድዩ ድረስ ነገራት።

"ጋሽ ሸዋንግዛው" አለች ሲጨርስ፣ "ይህን የነገሩዎት ሽማግሌ ከየትኛው አካባቢ ናቸው?"

"ሽማግሌ የለም። እኔና እህቴ ነን።"

"ይገባኛል። ስማቸው እንዲጠቀስ የማይፈልጉ ከሆነ በምስጢር መያዝ እችላለሁ።"

"እመቤቴ፣ ከራሴ ነው ያወጣሁት! እዚህ ግድግዳ ላይ ነው ከሰል ይዤ ስታገል የኖርኩት!"

"እንዲህ የተቀናጀ ነገር ከባዶ አይመጣም እኮ። ልጅ ሆነው አካባቢው ላይ ሰምተውት፣ ከዚያ ረስተውት ይሆናል። ሳያውቁት ወርሰውታል ማለት ነው።"

"ሁለት ጨረቃ የት ሰምቼ?"

"እሱን ነው እኔም የምጠይቀው" አለች በትሕትና። ክፋት የላትም፤ ያ ነው ችግሩ። ተዋበች ከውስጥ ወጥታ "እውነቱን ነው፤ እኔም ነበርኩ" ስትላት ሰምሃል ፊቷ በርቶ "እርስዎም ያስታውሱታል? ከቤተሰቡ ሁለት ሰው ማለት ነው!" አለች። ሸዋንግዛው ጭንቅላቱን በሁለት እጁ ያዘ።

በማግስቱ ቀለምና ብሩሽ ይዞ ሎጁ ሄደ። ሥራ አስኪያጁ ቆዳውን መመለስ እንደማይችል፣ እንግዶች እንደሚወዱት፣ የሎጁ መለያ እንደሆነ በፈገግታ አስረዳው። ሸዋንግዛው አልተከራከረም። ወንበር አቅርቦ ላዩ ላይ ወጣና ከሥዕሉ ግርጌ በትልልቁ መጻፍ ጀመረ፤ "ይህ የፈጠራ ሥራ ነው። የየትኛውም ሕዝብ አይደለም። ሸዋንግዛው።" ከኋላው እንግዶች ተሰበሰቡ፤ ካሜራው ይንጫጫል። አንድ የማያውቀው ወጣት አስጎብኚ በእንግሊዝኛ ያስረዳል። ሸዋንግዛው እንግሊዝኛው ብዙም አይደለም፤ የሰማው ግን በቂ ነበር። ልጁ "የቀን መቁጠሪያው ጠባቂ ይህ ነው፤ እንደ ባህሉ ጽሑፉን እያደሰ ነው" ይላቸዋል። ሲወርድ አጨበጨቡለት። አንዲት ሴትዮ እጁን ጨበጠችው። ቀለሙ መዳፏን ሲነካት ደስ አላት።

ሁሉንም እርግፍ አድርጎ ሊተው የወሰነው ያን ቀን ነበር። ግን ብዙም ሳይቆይ ጅሩ መጣ።

ጅሩ የዱስ መንደር ሰው ነው፤ ኦሞ ዳር ማሽላ የሚያርስ፣ ወንድሙን ሊያሳክም ጂንካ የወጣ። ሸዋንግዛው መሰላል ላይ ሆኖ የሆቴል ስም ሲጽፍ ከታች ቆሞ ጠራው።

"አንተ ነህ ቀን የሠራኸው?"

ሸዋንግዛው ደነገጠ። በስንት ጊዜው እንደዚያ ብሎ የጠየቀው ሰው ይህ የመጀመሪያው ነው። "አዎ" አለ፤ "እኔ ነኝ።"

"ውረድ።"

ወረደ። ጅሩ አልጮኸም። "ፈረንጅ ይመጣል። 'ስም የለሽ መቼ ነው?' ይላል። እኛ አናውቅም እንላለን። አንዷ ምን አለች? 'ረስታችኋል' አለች። ለአባቴ! አባቴን 'ባህልህን ረስተሃል' አለችው። እኛ የራሳችን ወር አለን፣ እናውቃለን። ያንተን እንዴት እንረሳለን? መቼ ሰጠኸን?"

"እኔ አይደለሁም እንደዚያ ያልኩት።"

"አንተ ሠራህ። ሌላ ሰው ወሰደ። አባቴ ግን አዘነ።"

ሸዋንግዛው ብሩሹን ይዞ፣ ቀለሙ እየተንጠባጠበ ደምሰው ቤት ሄደ። ደምሰው የጅሩን ነገር ሲሰማ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀልድ አላወጣም። የጅሩን አባት ያውቃቸዋል፤ ቤታቸው አድሯል። የመኪናውን ቁልፍ አነሣና "እንሂድ" አለ። "እኔና አንተ ሄደን እንንገራቸው።"

ወንድሙን አሳክሞ ከጨረሰው ከጅሩ ጋር በቀይ አፈርና በቱርሚ ከተሞች አድርገው ወረዱ። ሙቀቱ እየበረታ፣ መኪናው አሸዋ ውስጥ እየተቀረቀረ፣ እነሱም እየገፉ፣ እየተነታረኩ ዱስ ደረሱ። ሽማግሌዎቹ ወንዙን ቁልቁል ከሚያሳየው ጥላ ሥር ተቀምጠው ሰሟቸው፤ ጅሩ አስተረጎመ። ሸዋንግዛው ስለ ማዶ፣ ስለ አባቱ፣ ስለ ቆዳው ተናገረ። ደምሰውም ቆሞ "እኔ ነኝ የዋሸሁት" አለ። የጅሩ አባት ረዘም ያለ ነገር ተናገሩ። ጅሩ አሳጥሮ ተረጎመው።

"ለእኛ ነገራችሁን፤ ጥሩ። እኛማ ድሮም እናውቅ ነበር፤ የኛ እንዳልሆነ። ለሚመጡት ማን ይነግራቸዋል?"

ሁለቱ ተያዩ።

ይህን እያሉ የቱሪስት መኪና አቧራውን አንስቶ መጣ። ሰዎች ካሜራ አውጥተው ወረዱ። ጅሩ ተነሥቶ ወደ አስጎብኚው ሄደና እጁን እያወዛወዘ ጥቂት ቃል ተናገረ። አስጎብኚው ለእንግዶቹ ተረጎመ። እንግዶቹ በአክብሮት አንገታቸውን ዝቅ አደረጉ፤ ካሜራቸውን መልሰው ወደ ቦርሳቸው ከተው መኪናው ውስጥ ገቡና ሄዱ።

"ምን አልካቸው?" አለ ሸዋንግዛው።

"'ዛሬ ስም የለሽ ነው' አልኩ። 'ፎቶ የለም፤ ሰው አይጠራም።' ሰው ሲደክመው እንደዚያ እንላለን። እሺ ብለው ይሄዳሉ።"

ጥላው ሥር ያሉት ሁሉ ሳቁ፤ ደምሰውም ሳቀ። ሸዋንግዛው ሊቆጣ አፉን ከፈተ። ግን ምን ይበል? የወሩ ሕግ ልክ እንደዚያ ነው። በመልስ መንገድ ቱርሚ ሲደርሱ በድንገት "ግን እኮ አሁንም ውሸት ነው!" አለ። ደምሰው መሪውን እንደያዘ "አዎ" ብቻ አለው።

ከዚያ ወዲህ ደምሰው ለእንግዶቹ እውነቱን ይናገራል። ግማሾቹ አያምኑትም። ሎጁ ቆዳውን አልመለሰም፤ የፍየል ቆዳዎቹም ቅዳሜ ቅዳሜ ገበያ ይወጣሉ። ሰምሃል በጽሑፏ ላይ "ሠዓሊው ሥራው የራሱ እንደሆነ ይናገራል" የምትል አንዲት ዓረፍተ ነገር አስገብታለታለች።

ሸዋንግዛው ንዴቱን ልብ ወለዱ ላይ ተወጣው፤ ጨረሰው። ባለፈው ዓመት አዲስ አበባ ላለ አሳታሚ ላከ። ወራት አልፈው አንዲት ሴት ደወለች። ድምጿ ደስ ይላል። ሶምሪን ወደዋታል፤ ታሪኩ ይዟታል፤ አንድ ነገር ብቻ ቀርቷል።

"የዘመን አቆጣጠሩን ምንጭ አልጠቀሱም" አለችው። "የኦሞ ሸለቆ የቆየ ቅርስ ስለሆነ ያለ ምንጭ ማተም አንችልም። የሰው ባህል ወስደው እንደራስዎ አድርገው ማቅረብዎ ያስጠይቃል።"

ሸዋንግዛው ስልኩን ከጆሮው አርቆ ተመለከተው። መልሶ ጆሮው ላይ አደረገና "ምንጩ እኔ ነኝ" አለ። "እንደዚያ ማለት አይቻልም" አለች። ደገመ። ደገመች። ሲጮህ ተዋበች የምትሰፋውን ጥላ መጣችና ስልኩን ከእጁ ነጠቀችው። በዚህ ሁሉ ዓመት "ተወው" ስትለው የኖረችው ሴት ሠፈር እስኪሰማ ተቆጣች።

"ስሚ እህቴ! እኔ ተዋበች እባላለሁ፤ ስም የለሽን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ቅርስ አይደለሁም፤ በሕይወት አለሁ፤ ጂንካ ነው የምኖረው፤ መጥተሽ እይኝ!"

ሴትዮዋ በትዕግሥት አዳመጠቻት። በድርጅታቸው አሠራር የቃል ማረጋገጫ በቂ እንዳልሆነ፣ ጉዳዩን ለባለሙያ አቅርበው እንደሚያሳውቁ ነግራት ዘጋች። ተዋበች ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ወረወረችና ቁጭ አለች።

"ይኸው" አላት ሸዋንግዛው፤ "አሁን ገባሽ?"

"ገባኝ" አለች። "አንጀቴን አሳረረችው።"

እስካሁን መልስ አልመጣም። በዚህ ሳምንት ሸዋንግዛው ከአውሮፕላን ሜዳው ማዶ ለተከፈተ አዲስ ፀጉር ቤት ታፔላ እየጻፈ ነው። ነፋሱ ያልደረቀው ቀለም ላይ አቧራ ይረጭበታል፤ እሱ ይጠርጋል፤ ነፋሱ ይደግመዋል። ባለቤቱ ወጥቶ "መቼ ትጨርስልኛለህ?" ሲለው ዞሮ ሳያይ፣ "ሲያልቅ!" ብሎ ይመልስለታል።